ላለፈ ክረምት ቤት የሚሠራ ማሽን

ጎንደር ፒያሳ፣ ማኪያቶዬን ይዤ ተቀምጫለሁ። ከጎኔ ያሉት ሁለት ወጣቶች ስለ አንድ ፊልም ሲያወሩ ቆይተው አንደኛው ድንገት፣ «ወደ ኋላ ዘመን የሚወስድ ማሽን ቢሰጥህ የት ትሄድ ነበር?» ብሎ ጠየቀ። «መቅደላ ነዋ! ለመይሳው አንድ ድሮን ሰጥቼው እመለሳለሁ። ከዚያ ወዲያ ማን ይደፍረን ነበር?» አለው ጓደኛው። ሳቁ። እውነቱን ለመናገር እኔም ሳቅ ብያለሁ። ሒሳቤን ከፍዬ ከወጣሁ በኋላ ግን ነገሩ አልለቅ አለኝ።

ይህ ማሽን እኮ የሁላችንም ነው። ለቅሶ ቤት፣ ጠላ ቤት፣ ታክሲ ውስጥ እናስነሳዋለን። «እንዲህ ቢሆን ኖሮ» ብለን ቁልፉን እንጠመዝዝና ያልነበረ ዘመን ውስጥ ገብተን ቁጭ እንላለን። አባቶች «ላለፈ ክረምት ቤት አይሠራም» ይላሉ። እኛ ላለፈው ክረምት ፎቅ ስንሠራ የሚመጣው ክረምት ይደበድበናል።

ማሽኑን በልቦለድ ቀደም ብለው ከነዱት አንዱ አሜሪካዊው ማርክ ትዌይን ነው። እ.ኤ.አ. በ1889 ባሳተመው መጽሐፍ ሃንክ ሞርጋን የሚባል የጦር መሣሪያ ፋብሪካ ሠራተኛ በጠብ መሀል ጭንቅላቱን ተመትቶ ይወድቃል። ሲነቃ ዘመኑ እ.ኤ.አ. 528፣ አገሩ የንጉሥ አርተር ካሜሎት ሆኖ ያገኘዋል። ካሜሎት ለጎንደሬ እንግዳ ስም አይደለም። አስጎብኚዎች ጎንደርን «የአፍሪካ ካሜሎት» እያሉ ይሸጧታል። ግንቧ ቆሞ የሚታይ ከተማ በተረት ከተማ ስም መጠራቷ ሁሌም ይገርመኛል። እሱን ለሌላ ቀን ልተወውና ወደ መጽሐፉ ልመለስ።

ሃንክ በእሳት ሊቃጠል ሲል፣ ፀሐይ የምትጋረድበትን ቀን ስለሚያውቅ «አጨልማታለሁ» ብሎ አስፈራርቶ ይተርፋል። ከዚያ ስልክ፣ ቴሌግራፍ፣ ጋዜጣና ፋብሪካ ይዘረጋል። እስከዚህ መጽሐፉ ያስቃል። መጨረሻው ግን አያስቅም። ቤተ ክርስቲያኒቱ ስታወግዘው ሕዝቡ ይከዳዋል። ከረዳቱ ሌላ አብረውት የቀሩት 52 ልጆች ብቻ ናቸው። በኤሌክትሪክ አጥርና በመትረየስ 25,000 ፈረሰኛ ይፈጃሉ። ከዚያ የሬሳው ክምር ከቦ ይይዛቸዋል፤ ሽታው በሽታ ሆኖ አሸናፊዎቹን ይጥላቸዋል።

ይህ መጨረሻ ከፊተኛው ቀልድ ጋር አልገጥም ብሎት የሚያኮርፍ አንባቢ አለ። እኔ የመጽሐፉ እውነት እዚያ ነው እላለሁ። ሃንክ ዕቃውን አመጣ እንጂ፣ ከጥቂቶች በቀር ዕውቀቱን የራሱ ያደረገ ሰው አልነበረም። ማብሪያ ማጥፊያው ያለው በእሱ እጅ ነበር። ትዌይንን የምወቅሰው በሌላ ነው። የዚያን ዘመን ሰው ወይ የሚደነግጥ ወይ የሚታዘዝ ሕፃን አድርጎ ሣለው፤ የመጣለትን ዕቃ ተቀብሎ የራሱ የሚያደርግ ባለሙያ አላሳየንም። በአንደኛው ነገር ጎንደር ትመሰክርለታለች፤ በሁለተኛው ትመሰክርበታለች።

ምስክርነቱ እንዲህ ነው። በ1762 ዓ.ም. ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ የከዋክብት መመልከቻና ጠመንጃ ይዞ ጎንደር ገባ። ራሱ እንደሚተርከው፣ ከአንድ ባለሟል ጋር ተወራርዶ የሞራ ሻማ ቁራጭ በጠመንጃ ተኩሶ ሦስት ጋሻ በሳ። ቁርጥ ሃንክ! ነገር ግን ጠመንጃ ከብሩስ በፊት ገብቶ ሥራውን ጀምሮ ነበር። በምፅዋ በኩል በገቡ ጠመንጃዎች የበረታው ራስ ሚካኤል ስሑል በ1761 ዓ.ም. አፄ ኢዮአስን አስገድሏል። የታሪክ ጸሐፊዎች ዘመነ መሳፍንትን የሚጀምሩት ከዚያ ነው። አዲሱ መሣሪያ ዘመን ለወጠ፤ ወደ ፊት ግን አልወሰደንም።

ያን ዘመን የዘጋው ካሳ በ1847 ዓ.ም. በሰሜን ደጋ፣ ደረስጌ ማርያም ላይ ቴዎድሮስ ተብሎ ነገሠ። ጋፋት ላይ የእጅ ሙያ ያላቸውን ሚስዮናውያን መድፍ አሠራቸው። ወደ 7 ቶን የሚመዝነውን ሴባስቶፖልን፣ በገዛ እጁ ጭምር መንገድ እየጠረገ መቅደላ አደረሰ። ይህን ስናነብ ማን ልቡ የማይነካ አለ? ግን ከዚያ በፊት፣ በ1859 ዓ.ም. ጎንደርን ያቃጠለውና አብያተ ክርስቲያናቷን ያስዘረፈው ይኸው ጀግናችን ነው። መጻሕፍቷ ወደ መቅደላ ተጋዙ፤ በ1860 ዓ.ም. ደግሞ ከዚያ በእንግሊዝ ወታደሮች ወደ ለንደን። እስቲ የልጁን ድሮን በቴዎድሮስ እጅ ላይ አስቀምጡት። መጀመሪያ የሚያርፈው ናፒየር ላይ ነው ወይስ ጎንደር ላይ?

ሌላ ድምፅ የሌለው ዕቃ ደግሞ አለ፤ ኖራ። በአፄ ሱስንዮስ ዘመን ከህንድ የመጣ ሰው የኖራውን ድንጋይ እንዳገኘ ኢየሱሳውያኑ ጽፈዋል። ፋሲል ኢየሱሳውያኑን አባረረ፤ ኖራውን ግን አላባረረም። ሙያው ባገሬው ግንበኛ እጅ ቀረ። ከፋሲል ግንብ አንሥቶ እስከ እቴጌ ምንትዋብ ቁስቋም ድረስ ከመቶ ዓመት በላይ ተገነባበት። ንጉሥ ሲሞት፣ ንጉሥ ሲሻር ሙያው አልተሻረም፤ ምክንያቱም ማጥፊያው በአንድ ሰው እጅ አልነበረም። ትዌይን ያላየው ይህን ሰው ነው።

ወደዚያ ወጣት ልመለስ። ድሮን ምን እንደሚሠራ ለማወቅ እስከ መቅደላ መሄድ አያስፈልገንም፤ ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ወዲህ በጦርነት ውስጥ የቆየው የአማራ ክልል ሕዝብ ሰማዩን ቀና ብሎ እያየ ተምሮታል። በዚያው ነሐሴ በክልሉ ኢንተርኔት ተቋርጦ ወራት ሲያልፉ፣ ዘመንን ወደ ኋላ ለመመለስ አንድ ማጥፊያ እንደሚበቃም አይተናል። እንግዲህ «ምን ዕቃ ይምጣልን?» ከማለታችን በፊት «ማብሪያው ማን እጅ ነው? ሙያውንስ ማን ተማረው?» ብንል ይሻላል።

ለእኔ ማሽኑ ከተሰጠኝ መቅደላ አልሄድም። ከፋሲል ግንበኞች አንዱን ፈልጌ፣ ኖራውን እንዴት እንዳቦካና ለልጁ እንዴት እንዳስተማረው ጠይቄው እመለስ ነበር።