ውዳሴ ለጋዳላ ጉባራ

ሱዳናዊው ፊልም ሠሪ ጋዳላ ጉባራ ሆይ፣ ጥቁር ዓባይና ነጭ ዓባይ በሚገናኙባት ከተማ ለካሜራ የተመረጥህ፣ ውዳሴ ይገባሃል! ከጣና የተነሣው ውኃችን የሰሜን ካርቱሙን (የባህሪን) ሰፈር ካፉሪን በቀኝ፣ ካርቱምን በግራ አድርጎ ሲወርድ፣ በሁለቱም ዳር ስምህ ይጠራ!

እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1920 ተወለድህ፤ በሁለተኛው የዓለም ጦርነትም በእንግሊዝ ጦር ውስጥ አገለገልህ። ቅኝ ገዥዎች ካሜራ ያስጨበጡህ የራሳቸውን ወሬ እንድታሰማላቸው ነበር፤ አንተ ግን ወደ ወገንህ አዞርኸው። በሲኒማ መኪና ገጠር ለገጠር ዞረህ፣ መብራት ለማያውቅ መንደር ሥዕል ሲራመድ አሳየህ።

በ1955 «የካርቱም ዘፈን»ን በቀለም ቀረጽህ፤ አፍሪካዊ ከሠራቸው የመጀመሪያዎቹ ባለቀለም ፊልሞች አንዱ ነው። ወዲያው የሱዳን የነጻነት ቀን፣ ጃንዋሪ 1 ቀን 1956 መጣች። የእንግሊዝና የግብፅ ሰንደቆች ወረዱ፤ ጠቅላይ ሚኒስትሩ እስማኤል አል-አዝሃሪና የተቃዋሚው መሪ መሐመድ አሕመድ ማህጁብ ሰማያዊ፣ ቢጫና አረንጓዴውን ባንዲራ አብረው ሰቀሉ፤ አንተም ካሜራህን ደግነህ ቆመሃል። የዚያ ዘመን 16 ሚሊ ሜትር ካሜራ 30 ሜትር ፊልም ጎርሶ ሦስት ደቂቃ እንኳ አይሞላም። ጥቅሉ ቢያልቅ «ባንዲራውን ዳግም ስቀሉልኝ» አይባል ነገር! እኔስ ከሽልማቶችህ ሁሉ ይልቅ የማደንቀው ያን የእጅህን እርጋታ ነው።

ለዋጋዱጉ የፊልም በዓል መወለድ ከአዋላጆቹ አንዱ ነበርህ። ስቱዲዮ ጋድን በገዛ ጥሪትህ አቆምህ፤ ከከሰላ ምድር የሚነገረውን የፍቅር ታሪክ «ታጁጅ»ንም ለሲኒማ አበቃህ።

ኋላ ስቱዲዮህ ተወረሰ፤ የዓይንህም ብርሃን ጠፋ። አንተ ግን ሰማንያን ተሻግረህ፣ እኛ «ምንዱባን» ብለን የምናነበውን የቪክቶር ሁጎን ድርሰት ፊልም አደረግኸው! ልጅህ ሳራ ዓይን ሆነችህ፤ በልጅነቷ ፖልዮ እግሯን የጎዳት፣ ሆኖም ውኃ ያልበገራት ዋናተኛይቱ ሳራ። ማየት የተሳነው የካሜራ ባለሙያ ፊልም ሲመራ ያየ፣ ከእንግዲህ ስለ ዕቃ እጥረት አያማርር።

በ2008 አረፍህ። ፊልሞችህን በርሊን ያለው የፊልም ተቋም አርሴናል ወደ ዲጂታል ገልብጧቸዋል።

በካፉሪና በመላ ባህሪ ኖራችሁ በ2023ቱ ጦርነት የተበተናችሁ ወገኖቻችን ሆይ፣ የዚህን ሰው ሥራዎች ፈልጋችሁ ለልጆቻችሁ አሳዩ፤ ሳትፈርስ የነበረችውን ካርቱም ከእነርሱ ታገኟታላችሁ።