የርካሿ ካሜራ ሆድ ዕቃ

ጠረጴዛዬ ላይ አንዲት አሮጌ የሚኒ ዲቪ ቪዲዮ ካሜራ አለች። ገላዋ ፕላስቲክ ነው፤ ብርማ ቀለሟ ጣት በሚያርፍበት በኩል ተልጧል። ሌንሷ ትንሽ ናት፤ በዘመኗም ከርካሾቹ ተርታ ነበረች። የካሴት በሯን በከፈትኩ ቁጥር ግን ርካሽ ብዬ ልጠራት አንደበቴ እምቢ ይለኛል።

መክፈቻው ሲሳብ የውጪው በር ይላቀቃል። ትንሽ ቆይቶ የውስጠኛው የብረት ማቀፊያ ራሱ ብድግ ይላል። ካሴቱን አስገብተው በአንድ ጣት ጫን ሲያደርጉት፣ እንደ መተንፈስ ያለ ድምፅ አሰምቶ ቀስ እያለ ይሰምጣል። ዋናው ሥራ የሚጀምረው ያኔ ነው። የካሴቱ ክዳን ይነሣል፤ ቀጫጭን ዘንጎች ከቴፑ ጀርባ ገብተው ስበው ያወጡትና ዘንበል ብላ በተተከለች አብረቅራቂ ከበሮ ላይ ይጠመጥሙታል። የቴፑ ስፋት 6.35 ሚሊ ሜትር ብቻ ነው። ሲጓዝም በሰከንድ 2 ሴንቲ ሜትር አይሞላም። ከበሮዋ ግን በደቂቃ 9,000 ጊዜ ትሾራለች።

ይህ በሰከንድ 150 ዙር ማለት ነው። ከበሮዋ ላይ ሁለት የመቅረጫ ሄዶች ስላሉ በየሰከንዱ 300 ሰያፍ መስመሮች ይጻፋሉ። አገራችን በለመደችው ፓል በተባለው የቴሌቪዥን ሥርዓት ሰከንዱ 25 ምስል አለው፤ አንዱ ምስል 12 መስመር ይወስዳል። ሲባዛ ልክ 300! የመስመሩ ስፋት 10 ማይክሮን ነው፤ የአንድ ሚሊ ሜትር መቶኛ። በዚህች ቅንጣት ስፍራ ነው የአንዲት ሙሽራ ፈገግታ የሚቀመጠው።

እ.ኤ.አ. በ1995 የመጀመሪያዎቹ የዲቪ ካሜራዎች ሲወጡ ዋጋቸው የሚቀመስ አልነበረም። በኋላ ርካሾቹ ሲመጡ በሦስት የምስል ቺፕ ፈንታ አንድ ቺፕ ተደረገ፤ ሌንሱም ስክሪኑም አነሰ። በከበሮዋ ላይ ግን መቆጠብ አልተቻለም፤ አንዱ ካሜራ የቀረጸውን ሌላው ማንበብ አለበትና። ድሃውም ሀብታሙም ያንኑ 10 ማይክሮን መስመር መሳት አይችሉም ነበር። እኔን የሚገርመኝ ይኸው ነው፤ ትልቁ ጥበብ የገባው ማንም በማያየው ቦታ ነው።

ጉድለት አልነበራትም አልልም። መብራት ሲደክም ምስሏ ይጎረብጣል። የብዙዎቹ ርካሽ ካሜራዎች የካሴት በር ደግሞ ከታች በኩል ስለሆነ፣ ካሴት ለመቀየር ከትራይፖድ መፍታት ግድ ነው። ሠርግ የሚቀርጽ ሰው ይህን ሲፈታ ምርቃቱ ያልፍበታል።

መሳቢያዎ ውስጥ የሠርግ ወይም የክርስትና ሚኒ ዲቪ ካሴት ካለ፣ የቀረጸው ካሜራ ባይገኝም ደህና የሆነ ሌላ ይፈልጉለት። ፋየርዋየር በተባለው ገመድ ወደ ኮምፒውተር ሲገለበጥ ቴፑ ላይ ካለው አንዳች አይጎድልም። የአንድ ሰዓት ካሴት የሚፈጀው አንድ ሰዓት ነው። ከበሮዋ የምትሾር ካሜራ ሳትጠፋ ዛሬውኑ ያስገልብጡት።