ውሃው ከፍጡሩ ይቀድማል

ካለመኖር ወደ መኖር ማምጣት የፈጣሪ ብቻ ገንዘብ ነውና፣ ዓይን ያላየውን፣ በዚህች ምድርም ያልተወለደውን የባሕር ፍጡር በልብ ወለድ ሊያቆም የተነሣ ደራሲ፣ ሥራው አስቀድሞ ከተፈጠረው እየመረጡ ማዋሐድ መሆኑን ከመነሻው ሊያምን ይገባዋል። ከኦሞ ወንዝ በስተ ምሥራቅ፣ በወላይታ ምድር በሃላሌ ተቀምጬ፣ በሌላ ዓለም ውሃ ስለሚኖሩ ፍጥረታት ታሪክ ስጽፍ የኖርሁ ነኝ፤ ከዚህ ሙያ ያገኘሁት ትምህርት ብዙ ቢሆንም፣ ሁሉም ውሃው ከፍጡሩ ይቅደም ወደሚል አንድ ሥርዓት ይጠቀለላል።

ሥርዓቱን ያወጣሁት እኔ አይደለሁም። ስለ ሥነ ፍጥረት የሚናገረውን የአክሲማሮስን ትምህርት የሰማ ሁሉ እንደሚያውቀው፣ ውሃ በእሑድ ተፈጥሮ በማክሰኞ ከተወሰነ በኋላ ነው፣ በልብ የሚሳቡት፣ በእግር የሚሽከረከሩትና በክንፍ የሚበሩት በሐሙስ ከባሕር የተገኙት፤ ማደሪያው ሳይሰናዳ አዳሪው አልመጣም። መጽሐፈ ሄኖክም ሌዋታንን በቀላየ ባሕር፣ ብሔሞትን በምድረ በዳ ያኖራቸዋል እንጂ ያለ ስፍራ አይተዋቸውም። መጽሐፈ ኢዮብ ደግሞ ስለ ሌዋታን ሲናገር፣ አስፈሪ ነው ብሎ በማለፍ ፈንታ፣ ቅርፊቶቹ ነፋስ እንኳ በመካከላቸው እንዳይገባ እንዴት እንደ ተጋጠሙ ብልት በብልት ያሳያል፤ ለእኔ ፍርሃቱ የሚመጣው ከዚህ ጥንቃቄ ነው።

ጀማሪ ደራሲ ግን አብዛኛውን ጊዜ ከፍጡሩ ኃይል ይጀምራል፤ ሰባት ራስ ይሰጠዋል፣ እሳት ያስተፋዋል፣ ከሞት ያስነሣዋል። አንባቢውም ለአንድ ገጽ ያህል ይደነቅና፣ ምንም ለማይሳነው ፍጡር የሚሠጋበት ምክንያት ስለማያገኝ ልቡ ይቀዘቅዛል።

በአንጻሩ ኦሞን እንመልከት። በክረምት የደጋውን አፈር ተሸክሞ ሲወርድ እጅግ የሚደፈርስ ወንዝ ስለ ሆነ፣ በውስጡ ለሚኖር ዓሣ ዓይን ብዙ አያገለግለውም። በዚህ ወንዝ ተፋሰስ ከሚገኙት ዓሣዎች አንዱ ኤሌክትሪክ የሚያመነጨው አምባዛ ነው፤ ዓይኑ ትንሽ፣ አደኑ በሌሊት ሲሆን፣ በቆዳው ሥር ገላውን የከበበውና ከጡንቻ የተለወጠው ብልቱ እስከ 350 ቮልት የሚደርስ ኃይል አመንጭቶ የሚበላውን ዓሣ ያደነዝዛል። የግብፅ ሰዎች ከ4,000 ከሚበልጡ ዓመታት በፊት በሳቃራ በሚገኘው ቲ በተባለው ሹም መቃብር ግድግዳ ላይ ቀርጸውታል።

ከእርሱ ይልቅ ግን ለሙያዬ መምህር የሆነኝ በታችኛው ኦሞና በቱርካና ሐይቅ የሚኖረው ጂምናርከስ የተባለው ዓሣ ነው። ይህ ዓሣ በሰከንድ በመቶዎች የሚቆጠር ደካማ የኤሌክትሪክ ምት ከጅራቱ ወገን እየላከ፣ በዙሪያው ያለው ድንጋይ ወይም ሌላ ዓሣ ያንን ኃይል እንዴት እንዳጣመመው በቆዳው እያነበበ፣ በጨለማ ውሃ ውስጥ መንገዱን ያውቃል፤ ይህንን ምቱንም በካምብሪጅ ይሠራ የነበረው ሊቅ ሃንስ ሊስማን እ.ኤ.አ. በ1951 ለዓለም አስታወቀ። ድንቁ ግን በስጦታው ብቻ አያበቃም፤ እንደ ሌሎች ዓሣዎች ገላውን እያወዛወዘ ቢዋኝ የገዛ ምቱ ይታወክበት ነበርና፣ አከርካሪውን እንደ በትር ቀጥ አድርጎ፣ በጀርባው ላይ በተዘረጋው ረጅም ክንፍ ብቻ ወደ ፊትም ወደ ኋላም ይሄዳል። ምታቸው የተቀራረበ ሁለት ጂምናርከሶች ሲገናኙም እንዳይደናገሩ እያንዳንዳቸው ምታቸውን ይለዋውጣሉ። ለሚዳብስበት ስጦታ የገላውን ነጻነት ከፍሏል ማለት ነው፤ አንድ ደራሲ ይህን ከአንድ ዓሣ ከተማረ ከብዙ መጻሕፍት ያላገኘውን አግኝቷል።

ስለዚህ ታሪኬን ጁፒተርን በምትዞረው በኤውሮፓ ጨረቃ ላይ ስመሠርት፣ ፍጡሩን ሳላስብ በፊት ውሃውን አጠናሁ። ሊቃውንቱ እንደሚሉት ከበረዶዋ ሽፋን በታች ከምድራችን ውቅያኖሶች ሁሉ የሚበልጥ ውሃ ሳይኖር አይቀርም፤ የፀሐይ ብርሃን አይደርስበትም፤ ጨረቃይቱም በሦስት ቀን ተኩል ገደማ አንድ ጊዜ ስትዞር የጁፒተር ስበት እያጨመቀ ያላላታል። እንግዲህ በዚያ የሚኖረው ፍጡር የበረዶውን መሰንጠቅ ከሩቅ በገላው የሚሰማ እንዲሆን ውሃው ራሱ ወሰነልኝ፤ ዋጋውም ዝምታ ሆነ፤ ድምፅ ባሰማ ቁጥር መስሚያው ይደፈንበታልና ልጆቹን እንኳ መጥራት አይችልም። ታሪኩ ሁሉ ከዚህ አንድ እጦት ወጣ።

ውሃው ከተለወጠም ስጦታው አብሮ ሊፈተን ይገባል። 243 ሜትር ከፍታ ያለው የግልገል ጊቤ 3 ግድብ በ2009 ዓ.ም. ከተመረቀ ወዲህ፣ በወላይታና በዳውሮ መካከል ይሮጥ የነበረው ኦሞ ጥልቅ ሐይቅ ሆኗል፤ የሚሮጥ ውሃ ሲቆም ደለሉ ይዘቅጣል፣ ብርሃንም ወደ ውስጥ ይገባል። ለድፍርስ ውሃ የተሠራ ፍጡር በጠራ ውሃ ምን ያደርጋል ብሎ የጠየቀ ደራሲ ሁለተኛውን መጽሐፉን ጀምሯል።

ያችን ጨረቃ የምታጠናው ኤውሮፓ ክሊፐር የተባለችው መንኮራኩር እ.ኤ.አ. በጥቅምት 2024 ተነሥታለች፤ በ2030ም ከጁፒተር ትደርሳለች ተብሎ ይጠበቃል። በወላይታ ሶዶም ሆነ በአርባ ምንጭ ብዕር ያነሣችሁ ወጣቶች ሆይ፣ ስለዚያ ባሕር ስትጽፉ አስቀድማችሁ የኦሞን ዓሣዎች አጥኑ፤ የፍጡራችሁን ኃይል ከመናገራችሁም በፊት የከፈለበትን ዋጋ ጻፉ።