ድምፅ የማን ነው? ስለ ጉደር የእህል ገበያና ስለ ኅብረት ሥራ ሕግ የቀረበ ትችት

የኅብረት ሥራ ማኅበራት አዋጅ ቁጥር 147/1991 ከወጣ ወዲህ፥ ገበሬው በእህሉ ዋጋ ላይ የራሱ ድምፅ አለው ሲባል ብዙ ጊዜ እንሰማለን። አዋጁን የተካው ቁጥር 985/2009ም ዋናውን ሐሳብ አልለወጠውም፤ ይኸውም አንድ አባል ያለው ዕጣ ቢበዛም ቢያንስም ድምፁ አንድ ብቻ ነው። የ1991ዱ አዋጅ ከዚህም አልፎ ማንም አባል ከማኅበሩ ዕጣ ከመቶ 10 እጅ በላይ እንዳይዝ ከልክሎ ነበር። ባለገንዘብ ኮሚቴውን እንዳይገዛው የተዘጋ በር ስለ ሆነ ሕጉ በዚህ ሊመሰገን ይገባዋል። የእኔ ጥያቄ ግን አባል ተብሎ በመዝገብ ስለሚጻፈው ሰው ነው።

ጥያቄው አዲስ አይደለም። የገጠር መሬት አዋጅ ቁጥር 31/1967 የገበሬ ማኅበራትን ሲያቋቁም፥ ጭሰኛውንና መሬት አልባውን በአባልነት አስገብቶ፥ ከ10 ሄክታር በላይ የነበረውን ባለርስት ግን የመሬቱ ድልድል እስኪያልቅ ውጭ አቆመው። የድምፅ ገደቡ በግልጽ የተጻፈና ምክንያቱም የታወቀ ነበር። ነገር ግን ገበሬው ድምፅ ባገኘ በጥቂት ዓመት ውስጥ ድምፁ የሚሰጥበት ነገር ጠፋ። የእርሻ ሰብል ገበያ ድርጅት ኮታውንም ዋጋውንም ከላይ ቆርጦ ይልክ ስለ ነበር፥ ለማኅበሩ መሪዎች የቀረላቸው ሥራ የመጣውን ሸክም ለየቤቱ ማከፋፈል ነው። ኮታው ያልሞላለት ሰው ከገበያ በውድ ገዝቶ ለድርጅቱ በርካሽ ያስረክብ ነበር። ይህ እስከ 1982 ዓ.ም. ቆየ።

አሁን ወደ ጉደር ልመለስ። ባለፈው ጥር ከአክስቴ ጋር ገበያ ውዬ ነበር። ጤፉን ያበጠረችው እርሷ፥ ያመጣችው እርሷ፥ ከነጋዴው ጋር የተከራከረችውም እርሷ ናት። የማን ሚዛን እንደሚሰርቅ፥ የየትኛው ደላላ ቃል እንደማይታመን፥ ዋጋው በአውድማ ሰሞን ስንት ወርዶ በክረምት ስንት እንደሚወጣ ታውቃለች። የማኅበሩን የቁጥጥር ኮሚቴ ማን እንደ መረጠ ስጠይቃት ሳቀችና፥ «አጎትህ ነዋ! ስብሰባው የተጠራው በገበያ ቀን፤ እኔ ጤፉን ለማን ጥዬ ልሂድ?» አለችኝ።

ሕጉ ባልና ሚስት ሁለቱም አባል እንዳይሆኑ አይከለክልም። ይሁን እንጂ ሁለት መመዝገቢያና ሁለት ዕጣ መክፈል ለድኻ ቤት ቀላል አይደለምና በመዝገቡ የሚገባው ብዙ ጊዜ አባወራው ነው። እህሉ ለማኅበሩ ሲሸጥም በዓመቱ መጨረሻ የሚከፈለው የትርፍ ድርሻ የሚወጣው በእርሱ ስም ነው። ሕጉ ሰውን እቆጥራለሁ ይላል፤ መዝገቡ የሚቆጥረው ግን ጎጆን ነው።

ከፍ እያልን ስንሄድ ድምፁ እየቀጠነ ይሄዳል። በዩኒየኑ ጉባኤ የሚቀመጠው የመሠረታዊ ማኅበሩ ተወካይ ነው። በ1999 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 550 የተቋቋመው የምርት ገበያም ቢሆን፥ ከ11 የቦርድ አባሎቹ 6ቱ ከመንግሥት እንዲሆኑ ተደርጎ ነበር። ገበያው በ2000 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው በበቆሎ ስለ ሆነ የአክስቴን ጤፍ አይነካም ይባል ይሆናል። መንግሥት ብልጫውን ባይዝ ነጋዴው ይይዘው ነበር የሚለውንም ክርክር አላቃልለውም፤ ግን ከሁለቱ በቀር ሦስተኛ ሰው ያልታሰበው ለምንድን ነው?

አንዳንድ ጓደኞቼ ደግሞ ብዙ የሚያመርተው ብዙ ድምፅ ይኑረው ይላሉ፤ እንግሊዞችንም ይጠቅሳሉ። እውነት ነው፥ እ.ኤ.አ. በ1931 የወጣው የእንግሊዝ የእርሻ ገበያ ሕግ አንድን የገበያ ደንብ ለማጽናት ድምፅን በሰው ቁጥርም በምርት መጠንም ይቆጥር ነበር። ነገር ግን ሁለቱም መሟላት ነበረባቸው፤ ትልቁ አምራች ብቻውን ትንሹን መጣል አይችልም። ስለዚህ ምሳሌው ጓደኞቼ ያሰቡትን ያህል አይረዳቸውም።

እንደሚመስለኝ ለአክስቴ አዲስ አዋጅ አያስፈልግም። የስብሰባውን ቀን ከገበያ ቀን ማራቅ፥ በአንድ ዕጣ ባልና ሚስትን በየስማቸው መጻፍ፥ ከቁጥጥር ኮሚቴው ወንበሮች ጥቂቱን እህሉን ገበያ አውጥተው ለሚሸጡት መተው፤ ይህን ማኅበሩ በመተዳደሪያ ደንቡ ሊጀምረው ይችላል፤ ሕጉ የሚያግደው ነገር ካለም በዚያው ይታወቃል። ደንቡን የሚያሻሽለው ግን ጠቅላላ ጉባኤው ነው፤ በጉባኤውም እጅ የሚያወጡት ዛሬ በመዝገብ ያሉት ናቸው።