ስለ ዙፋን መጠየቅ የማን መብት ነው?
(ስለ «ማክቤዝ»ና ስለ ንግርት አጭር ሂስ)

«ማክቤዝ» በተነሣ ቁጥር የማይቀር አንድ ክርክር አለ። በክፍል ውስጥም ሆነ በመኝታ ቤት፣ ሻይ ቤትም ብንሄድ ይኸው ነው። ግማሾቻችን «ሰውየውን ያጠፉት ጠንቋዮቹ ናቸው፤ ዕድሉ አስቀድሞ ተጽፎ ነበር» እንላለን። ሌሎቻችን ደግሞ «የለም፣ የገዛ ምኞቱ ነው» እንላለን። ተውኔቱን በእንግሊዝኛ ያነበበውም፣ ጸጋዬ ገብረ መድኅን ወደ አማርኛ በመለሰው ያነበበውም እዚሁ ላይ ይገናኛል፤ ክርክሩም ሳይቋጭ ይበተናል።

እኛ በዚህ ጽሑፍ ለአንደኛው ወገን ለመፍረድ አልተነሣንም። ክርክሩ የማይቋጨው ጥያቄው በተሳሳተ ቦታ ስለ ተተከለ ነው ብለን እናምናለን። «ትንቢቱ እውነት ነው ወይስ ሐሰት?» ከማለት ይልቅ «ስለ ዙፋን የመጠየቅ መብት የማን ነው?» ብለን ብንነሣ፣ ተውኔቱ እስካሁን ያላየነውን ፊት ያሳየናል። እንዴት? እንመልከት።

በቅድሚያ ከመድረኩ ወረድ ብለን ተውኔቱ የተጻፈበትን አገር እንይ። ሼክስፒር ገና ጎረምሳ ሳለ፣ እ.ኤ.አ. በ1581፣ የእንግሊዝ ፓርላማ አንድ ሕግ አወጣ። ንግሥት ኤልሳቤጥ አላገባችም፤ ልጅ የላትም፤ ወራሽዋንም አልሰየመችም። ስለዚህ ኮከብ በመቁጠር፣ በትንቢት ወይም በጥንቆላ «ንግሥቲቱ ስንት ዘመን ትኖራለች? ከእርስዋ በኋላስ ማን ይነግሣል?» ብሎ የመረመረ ሰው ሞት የሚያስፈርድ ወንጀል እንደ ሠራ እንዲቆጠር ተደነገገ። ታዲያ ቤተ መንግሥቱ ኮከብ መቁጠርን የናቀ ይመስላችኋል? በፍጹም! ኤልሳቤጥ እ.ኤ.አ. ጥር 15 ቀን 1559 ዘውድ ስትጭን፣ ቀኑን የመረጠላት ጆን ዲ የተባለው ኮከብ ቆጣሪ ነበር። ለንግሥቲቱ ሲሆን ጥበብ፣ ለተራው ሰው ሲሆን ክህደት ማለት ነው።

ይህ የእንግሊዞች ብቻ ጠባይ አይደለም። ከወንጌል የምናውቀው አውግስጦስ ቄሣር ከክርስቶስ ልደት በፊት በ12 ዓመት የሮም ሊቀ ካህናት በሆነ ጊዜ በሕዝብ እጅ የነበሩትን የትንቢት መጻሕፍት አሰብስቦ ከ2,000 በላይ አቃጠለ። የሲቢላ የሚባሉትን ግን መርጦ አስቀረና ከገዛ ቤቱ አጠገብ ባሠራው የአፖሎ ቤተ ጣዖት አስቀመጠ። በ11 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ.) ደግሞ ጠንቋዮች ከማንም ሰው ጋር ለብቻ ተቀምጠው እንዳይተነብዩ፣ ስለ ሞት ደግሞ ሌላ ሰው ባለበትም ቢሆን እንዳይናገሩ ከለከለ። እርሱ ግን በተወለደበት ሰዓት ከዋክብት የቆሙበትን ሥፍራ በዐዋጅ አሳወጀ፤ የኮከቡን ምልክትም በገንዘብ ላይ አስቀረጸ። ወደ እኛ ቀረብ ስንል፣ በደቡብ ሱዳንና በአካባቢው የሚኖሩት አዛንዴዎች ክርክር የሚቆርጡት ለጫጩት መርዝ አብልተው፣ ሞተች ወይስ ዳነች ብለው በማየት ነበር። ኢቫንስ-ፕሪቻርድ እ.ኤ.አ. በ1937 ባሳተመው ጥናት እንደ ገለጸው፣ ይህን ማንኛውም ባለ ቤት ማድረግ ይችላል፤ የበቀል ጉዳይ ሲሆን ግን የመጨረሻው ቃል የልዑሉ ጫጩት ነው።

አንዳንድ ጓደኞቻችን «ነገሥታቱ ራሳቸው አያምኑበትም፤ ሕዝቡን ለማታለል ነው» ይላሉ። ይህ አጉል ማቅለል ነው። ባያምኑበት ኖሮ ያን ያህል አይፈሩትም ነበር። የሚፈሩበት ምክንያት ደግሞ ሰማይ ላይ ሳይሆን ምድር ላይ ነው። «ንጉሡ በመስከረም ይሞታል» የሚል ወሬ በሰኔ ከተነዛ፣ መኳንንቱ ግብሩን በነሐሴ ማዘግየት ይጀምራሉ፤ ወታደሩ ወደሚቀጥለው ጌታ ያማትራል፤ ወራሽ ነኝ ባይ ሁሉ ስንቁን ያዘጋጃል። ንጉሡ በመስከረም ባይሞት እንኳ በመስከረም ብቻውን ይቀራል። እንግዲህ ትንቢት እውነት ሳይሆንም ይሠራል።

አሁን ወደ «ማክቤዝ» እንመለስ። ጠንቋዮቹ በመጀመሪያው ገቢር ለማክቤዝ ሦስት ነገር ይነግሩታል፦ የግላሚስ ጌታ፣ የኮደር ጌታ፣ በኋላም ንጉሥ። ግላሚስን አስቀድሞ ይዞታል። ስለ ኮደርስ? ብዙዎቻችን እንደ ተአምር የምናነበው ይህን ነው። ነገር ግን አንድ ትዕይንት ወደ ኋላ ብንመለስ፣ ንጉሥ ደንከን የኮደርን ሹመት ለማክቤዝ እንዲሰጥ አስቀድሞ አዝዟል። እኛ ተመልካቾቹ ሰምተናል፤ መልእክተኛውም መንገድ ላይ ነው። እንግዲህ «ትንቢት» ያልነው ለባለ ጉዳዩ ገና ያልደረሰ ወሬ ነው! ንግሥናውን ብቻ ማንም አላዘዘም፤ ደንከንን ግደል ያለውም የለም። የግድያው ሐሳብ በዚያችው ደቂቃ የመጣው በራሱ በማክቤዝ ልብ ውስጥ ነው።

ከዚህ የባሰው ግን ከነገሠ በኋላ ያለው ነው። በሦስተኛው ገቢር፣ የባንኮ መንፈስ ግብር ላይ ከታየውና እንግዶቹ ከተበተኑ በኋላ፣ ማክቤዝ ለሚስቱ ሁለት ነገር ይነግራታል። አንደኛ፣ በየመኳንንቱ ቤት ገንዘብ የሚከፍለው አንድ አንድ አሽከር እንዳለው፤ ሁለተኛ፣ በማግሥቱ ወደ ጠንቋዮቹ እንደሚሄድ። ሁለቱን በአንድ ትንፋሽ ነው የሚናገራቸው። ይህን ቦታ አልፈነው የምንሄድ ሁሉ ቆም ብለን ልናስብበት ይገባል። ለጨካኝ ገዢ ሰላይና ጠንቋይ የአንድ መሥሪያ ቤት ሁለት ሠራተኞች ናቸው፤ አንዱ ዛሬ የተባለውን፣ ሌላው ነገ የሚሆነውን ያመጣለታል።

በአራተኛው ገቢር ማክቤዝ ራሱ ጠያቂ ሆኖ ይመጣል። ከማክደፍ እንዲጠነቀቅ፣ ከሴት የተወለደ ሰው እንደማይጎዳው፣ የበርናም ደን ወደ ደንሲኔን ካልወጣ እንደማይሸነፍ ይነገረዋል። ምን ቀረው? ደስ ብሎት መሄድ ይችል ነበር። እርሱ ግን አንድ ጥያቄ ይጨምራል፤ የባንኮ ዘር በዚህ አገር ይነግሣል ወይ? ጠንቋዮቹ ሌላ አትጠይቅ ይሉታል። እርሱ እርግማን እያስፈራራ ይጠይቃል። ስምንት ነገሥታት በተራ ሲያልፉ ያያል፤ ባንኮም በደሙ ተለውሶ የእኔ ናቸው ሲል ያመለክታል። ልብ በሉ! ይህ «ከእኔ በኋላ ማን?» የሚለው ጥያቄ ነው። በ1581 ሕግ አንድ ተራ እንግሊዛዊ ቢጠይቀው አንገቱን የሚያስከፍለው ይኸው ነው።

ታዲያ እንዴት በአደባባይ በመድረክ ላይ ተጠየቀ? መልሱ ዙፋኑ ላይ የተቀመጠው ሰው ነው። «ማክቤዝ» የተጻፈው እ.ኤ.አ. በ1606 ገደማ ሲሆን፣ ያን ጊዜ የነገሠው ከስኮትላንድ የመጣው ጄምስ ነው። ጄምስ ደግሞ የባንኮ ዘር ነኝ የሚል ንጉሥ ነበር። የሼክስፒር የተዋንያን ቡድንም ከ1603 ጀምሮ የንጉሡን ስም ተሸክሟል። ስለዚህ ያ የነገሥታት ሰልፍ ለማክቤዝ መርዶ ቢሆንም ለጄምስ ውዳሴ ነው።

ነገሩ እዚህም አያበቃም። ባንኮ የሚባል ሰው በእውነተኛው ታሪክ እንዳልነበረ የዛሬ ታሪክ ጸሐፊዎች ይስማማሉ። ወሬው ወደ ታሪክ የገባው እ.ኤ.አ. በ1527 ሄክተር ቦይስ በጻፈው የስኮትላንድ ታሪክ ነው። የጄምስ ቤት፣ ማለት የስቱዋርት ሥርወ መንግሥት፣ ግን ዙፋኑን የያዘው በ1371 ነው። አስቡት፤ ዙፋኑ ከተያዘ ከ150 ዓመት በላይ ካለፈ በኋላ ትንቢቱ ወደ ኋላ ተጻፈለት! ሼክስፒር ከተጠቀመበት ከሆሊንሼድ መጽሐፍ ላይ ደግሞ ባንኮ በደንከን ግድያ የማክቤዝ ተባባሪ ነው። በተውኔቱ ግን እጁ ንጹሕ ነው። የንጉሥ አያት ነፍሰ ገዳይ ሊሆን አይችልማ! እዚህ ላይ ታላቁን ደራሲ ከመውቀስ ወደ ኋላ አንልም። ገዢ ትንቢትን ለራሱ ሲያደርግ ምን እንደሚመስል ከማንም በላይ አሳይቶናል፤ ነገር ግን በዚያው ብዕር ለገዛ ንጉሡ ያንኑ ሥራ ሠርቶለታል።

ወደ አገራችን ስንመለስ ነገሩ ባዕድ አይሆንብንም። ሕመምና ጋብቻ የሚመረመርበት፣ የሰው ስም ከእናቱ ስም ጋር የሚቆጠርበት መጽሐፍ ስሙ «ዐውደ ነገሥት» መሆኑ ራሱ የሚናገረው አለው። ዋናው ምሳሌያችን ግን የቴዎድሮስ ንግርት ነው። «ፍካሬ ኢየሱስ» ከክፉ ዘመን በኋላ ቴዎድሮስ የሚባል ጻድቅ ንጉሥ እንደሚነሣና ፍትሕና ሰላም እንደሚሰፍን ይናገራል። የቋራው ካሣ ኃይሉ ሥልጣን ያገኙት በትውልድ ሐረግ ሳይሆን በጦር ሜዳ ነበር። በየካቲት 1847 ዓ.ም. ደጃዝማች ውቤን ድል አድርገው በደረስጌ ማርያም ዘውድ ሲጭኑ፣ ያን የሚጠበቅ ስም ወሰዱ። ቤተ ክርስቲያኒቱን ያሠሩት ውቤ ሲሆኑ፣ ለራሳቸው ንግሥ ያዘጋጇት ነበር ይባላል። እንግዲህ ቤቱ የአንዱ፣ ዘውዱ የሌላው፣ ስሙ ደግሞ የንግርቱ ሆነ።

በሁለቱ ታሪኮች መካከል ያለውን ልዩነት መካድ አይገባም። የስቱዋርቶቹ ትንቢት ከውጤቱ በኋላ የተፈጠረ ነው። የእኛው ግን አስቀድሞ በሕዝብ አፍ የነበረና የገበሬው ተስፋ ያረፈበት ነው። ያም ሆኖ ንግርቱ ስም እንጂ ሰው አልጠቆመም፤ ሰውየው ናቸው ወደ ስሙ የሄዱት። ተስፋውም ከስሙ ጋር አብሮ ተወሰደ። ንግርቱ የሰላም ዘመን ቢልም፣ ዘመኑ በጦርነት አልፎ በሚያዝያ 1860 ዓ.ም. መቅደላ ላይ ተፈጸመ። ገበሬው ታዲያ ማንን ይጠይቅ? ንጉሡን እንዳይጠይቅ የተተነበየ ነው፤ ንግርቱን እንዳይጠይቅ ደራሲው አይታወቅም።

ለዚህ ነው «ዕድሉ ነው» የሚለውን ንባብ አጥብቀን የምንቃወመው። ማክቤዝን የዕድል ምርኮኛ ካደረግነው፣ የማክደፍን ሚስትና ልጆች ያስፈጀውን እጅ ማን ይጠይቀዋል? ከማክደፍ ተጠንቀቅ ተባለ እንጂ ሕፃናቱን ፍጅ የተባለበት መስመር በተውኔቱ ውስጥ የለም። ተውኔት ላይ ገዢን በዕድል ይቅር ማለት የለመደ አንባቢ፣ ከተውኔት ውጭም ያንኑ ማድረጉ አይቀርም።

ስለዚህ በተውኔት ወይም በልብ ወለድ ውስጥ ጠንቋይ፣ ባሕታዊ ወይም ኮከብ ቆጣሪ ብቅ ባለ ጊዜ ሦስት ነገር እንጠይቅ። ጠያቂው ማነው? ይህን እንዳይጠይቅ የተከለከለውስ ማነው? ትንቢቱ የተነገረው ነገሩ ከመሆኑ በፊት ነው ወይስ በኋላ? ይህን መመዘኛ ይዘን የብርሃኑ ዘሪሁንን «የቴዎድሮስ እንባ»ና የአቤ ጉበኛን «አንድ ለናቱ» እንደገና ብናነብ ጥሩ የሂስ ሥራ ይወጣል ብለን እናስባለን። ይህን በመጀመር የሚቀድመን ካለ ደስ ይለናል፤ ከእኛ የተለየ ሐሳብ ያለውም ብዕሩን ያንሣና በሚቀጥለው ቅጽ እንከራከር።