የልማት ተነሺዋና ሠራተኛዋ

እ.ኤ.አ. በ2024 በኒው ዮርኩ የትራይቤካ ፌስቲቫል ለመጀመሪያ ጊዜ የታየው «ሜድ ኢን ኢትዮጵያ» የተሰኘ ዘጋቢ ፊልም የሦስት ሴቶችን ሕይወት ይከተላል። አንደኛዋ በዱከም የሚገኘውን የምሥራቅ ኢንዱስትሪ ዞን ለማስፋፋት ደፋ ቀና የምትል ቻይናዊት ኃላፊ ናት። ሁለተኛዋ መሬቷ ለዞኑ የተወሰደባት ገበሬ፣ ሦስተኛዋ ደግሞ በፋብሪካ ተቀጥራ የምትሠራ ወጣት ናቸው። አዘጋጆቹ ሺንያን ዩ እና ማክስ ደንከን ቀረጻውን ያካሄዱት በአራት ዓመት ውስጥ ነው፤ ከፕሮዲዩሰሮቹም አንዷ ታማራ ማርያም ዳዊት ናት።

ፊልሙ ለመፍረድ አይቸኩልም። ኃላፊዋን እንደ ቀማኛ፣ ገበሬዋንም እንደ ተመጽዋች አልሳላቸውም፤ ሦስቱም በአንድ ተስፋ ዙሪያ የተሰባሰቡ፣ የየራሳቸው ምክንያት ያላቸው ሰዎች ናቸው። ይህ ፍትሐዊነቱ የሚያስመሰግነው ነው። ይሁን እንጂ በፊልሙ ውስጥ ያለው ከባዱ ጥያቄ በንግግር ሳይሆን በባለታሪኮቹ አመራረጥ የተቀመጠ ይመስላል፤ መሬቱን ያጣችው አንዷ፣ ሥራውን ያገኘችው ሌላዋ ናት።

የዞኑ ማስፋፊያ ተስፋ የሰጠው 30,000 አዲስ የሥራ ዕድል ነው። በአገር ደረጃ ሒሳቡ ያማረ ነው፤ ጥቂት መሬት ወጥቶ ብዙ ሥራ ይገባል። በአንድ ጎጆ ደረጃ ግን ሒሳቡ አይዘጋም። የተወሰደው መሬት ባለቤት አለው፤ ስሙ በይዞታ ማረጋገጫ ደብተር ላይ ሰፍሯል። የሥራ ዕድሉ ግን ቁጥር እንጂ ስም የለውም። ከ30,000ው ውስጥ የትኛው የእርሷ ወይም የልጇ እንደሆነ ገበሬዋ በምን ማስረጃ ትጠይቃለች?

ሕጉም ቢሆን የሚለካው ሌላ ነገር ነው። አዋጅ ቁጥር 455/1997 በቋሚነት ለሚፈናቀል ባለይዞታ ከመፈናቀሉ በፊት ባሉት አምስት ዓመታት ያገኘውን አማካይ ዓመታዊ ገቢ በአሥር አባዝቶ ካሳ ሰጥቷል። እርሱን የተካው አዋጅ ቁጥር 1161/2011 ደግሞ ከሦስት ዓመታት ውስጥ የከፍተኛውን ገቢ 15 እጥፍ አድርጎታል። ማሻሻያው ቀላል አይደለም፤ ሆኖም ስሌቱ ያለፈውን ምርት ይመነዝራል እንጂ የነገውን እንጀራ አያወርስም።

ሥራውም ቢገኝ እንኳ ከመሬት ጋር አይስተካከልም። እ.ኤ.አ. በ2019 የወጣ የኒው ዮርክ ዩኒቨርሲቲ ጥናት በሐዋሳ ኢንዱስትሪ ፓርክ የልብስ ሠራተኞች መነሻ ደመወዝ በወር 26 ዶላር መሆኑን ገልጿል። ኢትዮጵያ እ.ኤ.አ. ከጥር 2022 ጀምሮ ከአሜሪካ የአጎዋ ዕድል ስትታገድም፣ ለዚያ ገበያ የሚያመርት ፋብሪካ ሁሉ ህልውናው ሩቅ አገር በሚወሰን ውሳኔ ላይ እንደተንጠለጠለ ታይቷል። እርሻ ለአባትም፣ ለእናትም፣ ለልጅም የሚበቃ ሥራ ነበረው፤ ፋብሪካ የሚመርጠው ግን ጣቱ የፈጠነውን ወጣት ነው።

ሥራን የካሳ አካል ማድረግ የማይቻል ነው እንዳይባል ሌላ አገር ሞክሮታል። የሕንድ መንግሥት የድንጋይ ከሰል ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ2012 ባወጣው ፖሊሲ ለተወሰደ ሁለት ኤከር መሬት አንድ የሥራ ቦታ መድቧል። ይህም ሁሉን አላስደሰተም፤ ከሁለት ኤከር በታች የነበረው ከጎረቤቱ ጋር መደመር ግድ ሆኖበታል፣ ከቤተሰቡ ማን ይቀጠር የሚለውም ወንድምና እህትን አከራክሯል። ቢሆንም ክርክሩ መነሻ አለው፤ ለፍርድ ቤት የሚቀርብ ወረቀት፣ የሚጠየቅም ወገን ይታወቃል።

ፊልሙ የሚጎድለው እዚህ ላይ ነው። የሴቶቹን ጽናት አጉልቶ ሲያሳይ፣ ተስፋው በማን ፊርማ፣ ለማን፣ እስከ መቼ እንደተገባ የመመርመሩን ሥራ ለተመልካቹ ይተወዋል። ተመልካቹ ለገበሬዋ ያዝናል፤ ማዘን ግን መብቷን አያሳውቀውም። ያም ሆኖ ሁለቱን ሴቶች ጎን ለጎን ማቆሙ ትልቅ ውለታ ነው። ሠራተኛዋ ሥራ ማግኘቷ ለገበሬዋ የተከፈለ ዕዳ ተደርጎ እንዳይቆጠር ያደርጋልና። የልማት ተነሺ ቤተሰብ ሥራ ይሰጠዋል ከተባለ፣ መሬቱ በስሙ እንደተወሰደበት ሁሉ ሥራውም በስሙ ሊጻፍለት ይገባል።