ያልተነበበው ደቀ መዝሙር፦ የወልደ ሕይወት ሐተታ እንደ ግብረ ገብ መጽሐፍ

ስለ ኢትዮጵያ ፍልስፍና በሚጻፉ ድርሰቶች ዘንድ የተለመደ አካሄድ አለ። ዘርዓ ያዕቆብ ሰፊ ቦታ ይሰጠዋል፤ በዐፄ ሱስንዮስ ዘመን ከገባበት የተከዜ ዋሻ እስከ እንፍራዝ ያሳለፈው ሕይወት ይተረካል፤ ከፈረንሳዊው ዴካርት ጋር ይነጻጸራል። ደቀ መዝሙሩ ወልደ ሕይወት ግን «የመምህሩን ሐሳብ ያስፋፋ» ተብሎ በአንድ ዓረፍተ ነገር ይታለፋል። መምህሩ አሰበ፣ ተማሪው ደገመ የሚለው ፍርድ ከመደጋገሙ የተነሳ ማስረጃ የሚጠየቅበት እንኳ አይመስልም።

ይህ ፍርድ የተዛባ ነው ብዬ አምናለሁ። ጥያቄው ሰው እውነትን በምን ያውቃል የሚል ከሆነ መምህሩ ይበልጣል፤ በዚህ ክርክር የለኝም። ጥያቄው ሰው ከሰው ጋር እንዴት ይኑር የሚል ሲሆን ግን ሚዛኑ ይገለበጣል። እኔ ካነበብኳቸው የግዕዝ ድርሳናት ውስጥ፣ ለዚህ ጥያቄ ከምግብ እስከ ትዳር፣ ከእጅ ሥራ እስከ ጉርብትና ወርዶ መልስ የሚሰጥ እንደ ወልደ ሕይወት ሐተታ ያለ ሌላ አላገኘሁም።

የተሳሳተው ጥያቄ

ለዚህ ቸልታ አንዱ ምክንያት የደራሲነት ክርክሩ ነው። የመምህሩና የደቀ መዝሙሩ ሁለት ሐተታዎች ለዓለም የታወቁት ካፑቺኑ ሚሲዮናዊ ጁስቶ ዳ ኡርቢኖ በ19ኛው መቶ ዘመን አጋማሽ ለፈረንሳዊው አሳሽ ለአንትዋን ዳባዲ በላካቸው ቅጂዎች ነው። ካርሎ ኮንቲ ሮሲኒ በ1920 እ.ኤ.አ. ደራሲው ራሱ ሚሲዮናዊው ነው ሲሉ ጻፉ። ክላውድ ሰምነር በ1970ዎቹ ባሳተሟቸው ጥራዞች ይህን ለማፍረስ ደከሙ። ጌታቸው ኃይሌ ለረጅም ጊዜ ሲጠራጠሩ ቆይተው በኋላ የኢትዮጵያዊ ድርሰት ነው ወደሚለው አዘነበሉ፤ አናይስ ቪዮን ደግሞ በዚህ መቶ ዘመን ጥርጣሬውን በአዲስ መልክ አነሱት። ክርክሩ ተገቢ ነው፤ መቀጠልም አለበት። ጉዳቱ ግን ንባቡን መዋጡ ነው። መቶ ዓመት ሙሉ «ማን ጻፈው?» ስንል «ምን ይላል?» ለሚለው ጊዜ አጣን። በዚህ የተጎዳው ደግሞ ከመምህሩ ይልቅ ተማሪው ነው፤ ሁሉም ማስረጃ የሚፈለገው በመምህሩ የሕይወት ታሪክ ውስጥ ነውና።

የሁለቱ ልዩነት ራሱ ሊመረመር የሚገባው ነገር ነው። ዘርዓ ያዕቆብ ጾምን፣ ምንኩስናን፣ ከአንድ በላይ ማግባትን፣ የባሪያ ንግድን በአእምሮ ሚዛን አስቀምጦ የሙሴንም የመሐመድንም ሕግ ይሞግታል። ድምፁ የብቸኛ ሰው ድምፅ ነው፤ ከዋሻው ከወጣ በኋላም እምነቱን በልቡ ሰውሮ ኖሯል። ወልደ ሕይወት ግን ዘርዓ ያዕቆብን በእንፍራዝ ያስጠጋው የሀብቱ ልጅ ነው፤ ያደገው መምህሩ በተጠለለበት ቤት፣ በሰው መካከል ነው። መምህሩ የሚጽፈው ራሱን ለማሳመን ነው፤ ተማሪው የሚጽፈው ሌላውን ለማስተማር ነው። ሁለቱንም አንድ እጅ ጻፋቸው የሚል ሰው ይህን የጠባይ ልዩነት ማስረዳት ይጠበቅበታል።

ለቸልታው ሁለተኛው ምክንያት ከዴካርት ጋር የሚደረገው ንጽጽር ነው። የዴካርት የዘዴ ድርሳን በ1637፣ የዘርዓ ያዕቆብ ሐተታ በ1667 እ.ኤ.አ. ተጻፉ ሲባል፣ ኢትዮጵያም ተጠራጣሪ ፈላስፋ ነበራት የሚል ኩራት ይከተላል። ኩራቱ የሚያስወቅስ አይደለም። ችግሩ ፍልስፍና ማለት ጥርጣሬ ብቻ እንዲመስለን ማድረጉ ነው። ወልደ ሕይወትን ከአንድ አውሮፓዊ ጎን ማቆም ካስፈለገ የሚቀርበው ለአርስቶትል ነው። በኒቆማኮስ ሥነ ምግባር ውስጥ አርስቶትል ሰው ጻድቅ የሚሆነው የጽድቅን ሥራ ደጋግሞ በመሥራት ነው ይላል። የወልደ ሕይወት ምክሮች በሙሉ በዚህ መሠረት ላይ የቆሙ ናቸው፤ በልክ ብላ፣ ልብስህን አንጻ፣ ለኑሮህ የሚስማማ የእጅ ሥራ ተማር፣ ባልንጀራህን ሃይማኖቱን ሳትጠይቅ ውደድ። ክርስቲያን፣ እስላም፣ አይሁድ ሳይል ሰው ሁሉ እኩልና ወንድም ነው የሚለው ክፍል በመጽሐፉ ውስጥ ከሁሉ የላቀው ነው። ሸማኔና ቀጥቃጭ በሚናቅበት አገር የእጅ ሥራን ማክበርም ቀላል ነገር አልነበረም።

የአንበሳው ጠጉር

የወልደ ሕይወት ትልቁ ጥበብ ግን በምክሩ ይዘት ሳይሆን በአቀራረቡ ላይ ነው። ትእዛዝ ይሰጣል፣ ምክንያቱን ይናገራል፣ ጉዳዩ ሲከብድ ደግሞ ተረት ይጨምራል። ከተረቶቹ አንዱን ቀረብ ብለን እንየው።

አንዲት ሴት ባሏ ስላስከፋት ወደ አንድ ካህን ሄዳ የፍቅር መድኃኒት ትለምናለች። ካህኑ እሺ ይላል፤ መድኃኒቱን ለመሥራት ግን የአንበሳ ጠጉር ያስፈልገኛል፣ አምጪልኝ ይላታል። ሴትየዋ እየፈራች በግ ይዛ አንበሳው ወዳለበት ትሄዳለች፤ ትሰጠውና ትመለሳለች። ይህን ደጋግማ ስታደርግ አንበሳው ይለምዳታል። በመጨረሻ ጠጉሩን ነቅላ ታመጣለች። ካህኑም ለአንበሳው ያደረግሽውን ለባልሽ አድርጊ፣ ከአንበሳ አይብስም ይላታል።

ይህ ተረት እንዴት እንደተሠራ ማስተዋል ያስፈልጋል። ካህኑ ስለ ትዕግሥት ምንም አልሰበከም፤ ትዕግሥት የሚባል ቃልም አልተናገረም። ሴትየዋ ምክሩን ከመስማቷ በፊት ፈጽማዋለች። መድኃኒቱ እስኪሠራ የምትጠብቅ ሲመስላት፣ መድኃኒቱ በእያንዳንዱ ጉዞዋ እየተሠራ ነበር። ጠጉሩ በካህኑ እጅ በገባበት ቅጽበት ዋጋ ያጣል፤ እሷ ግን የተለወጠች ሰው ሆና ቆማለች። አድማጩም ከእሷ ጋር ተጉዟል፤ በጉን ስታቀርብ አብሯት ፈርቷል፣ ስትመለስ አብሯት ተንፍሷል። ስለዚህ ፍርዱ ሲመጣ ከውጭ የመጣ ትእዛዝ አይሆንበትም፤ ራሱ የደረሰበት ነገር ይሆናል። አርስቶትል በረጅም ማብራሪያ የገለጸውን፣ ማለትም ጠባይ የሚገኘው በመሥራት መሆኑን፣ ተረቱ በድርጊት ያሳያል። ይህ ትምህርትን ለማስዋብ የተለጠፈ ጌጥ አይደለም፤ ክርክሩ ራሱ በተረቱ ቅርጽ ውስጥ ነው ያለው።

ሌሎቹን የምክር መጻሕፍቶቻችንን በዚህ ሚዛን ብናይ ልዩነቱ ይጎላል። በ16ኛው መቶ ዘመን መጀመሪያ አባ ሚካኤል ከዐረብኛ ወደ ግዕዝ የመለሱት መጽሐፈ ፈላስፋ የሶቅራጥስና የአርስቶትል የተባሉ አባባሎችን ይዟል፤ አባባሎቹ እየተከታተሉ ይሰለፋሉ እንጂ አንዱ ሌላውን አይወልድም። የኅሩይ ወልደ ሥላሴ ለልጅ ምክር ለአባት መታሰቢያ የአባትን ድምፅ በክብር ይዟል፤ ያ ድምፅ ግን ከላይ ወደ ታች ይናገራል። የከበደ ሚካኤል ታሪክና ምሳሌ በተረቱ ውበት ከሁሉም ይቀርባል፤ ሆኖም ትምህርቱ ብዙ ጊዜ ከታሪኩ በኋላ ተለይቶ ይመጣል። እነዚህን መጻሕፍት አክብሬ ነው የማነጻጽረው። የወልደ ሕይወት አንበሳ ግን ለብቻው የሚቆም ነው።

ጥበቡ ራሱን ሲጎዳ

አሁን ስለ ትልቁ ጉድለት። ያው ተረት የመጽሐፉ ውበት እንደሆነ ሁሉ ቁስሉም ነው። ሴትየዋ ትማራለች፣ ትደፍራለች፣ ትለወጣለች፤ ባልየው ግን በታሪኩ ውስጥ አፍ የለውም። አንበሳ በተፈጥሮው አውሬ ነውና አይጠየቅም፤ ሰው ግን የሚጠየቅ ፍጡር ነው፤ የሁለቱ ሐተታዎች መሠረትም ይኸው ነው። ባልን በአንበሳ ቦታ ያስቀመጠ ተረት ሳያስበው ከአእምሮ ተጠያቂነት አውጥቶታል።

ወልደ ሕይወት ወንድን አልረሳም። ባል የራሱን ደስታ ብቻ እንዳይፈልግ፣ ሚስቱ እግዚአብሔር የሰጣትን ድርሻ እንዳይነፍጋት በግልጽ ያስተምራል፤ ለዘመኑ እጅግ ደፋርና ርኅራኄ ያለው ቃል ነው። ችግሩ የአቀራረብ ነው። ለሚስት የተሰጣት ተረት ነው፤ ለባል የተሰጠው ትእዛዝ ነው። ትእዛዝ ይረሳል፣ ተረት ይኖራል። የደራሲው ጥበብ በበረታ መጠን ሚዛኑ አዘነበለ፤ ሸክሙን የተሸከመችው በሚታወሰው ክፍል ውስጥ ያለችው ሴት ሆነች። መምህሩ በዚህ ይበልጠዋል። ዘርዓ ያዕቆብ የጌታው ቤት አገልጋይ የነበረችውን ሒሩትን ሊያገባ ሲፈልግ፣ ገረድ ሳትሆን ሚስት ትሆነኛለች፣ ባልና ሚስት በትዳር እኩል ናቸው ብሏል። የመምህሩ አንድ ድርጊት የተማሪውን ተረት ያርመዋል።

ይህ ተራ የጽሑፍ ትችት ብቻ አይደለም። የአንበሳው ጠጉር ተረት ከመጽሐፉ ውጭም በሰፊው የሚነገር ነው፤ ባልና ሚስት ሲጋጩ በሽምግልና ላይ የሚጠቅሰው አይጠፋም። ይህን ተረት ለተደበደበች ሴት ታገሺ ለማለት የሚነግር ሽማግሌ ከሁለቱ ሐተታዎች አንዱንም አልተረዳም። ተረቱ ለተቀየመ ልብ መድኃኒት ሊሆን ይችላል፤ ለተሰበረ ክንድ ግን አይሆንም። መጽሐፉን የምወድ ሰው እንደመሆኔ ይህን አለሳልሼ ማለፍ አልችልም።

ከክፍል ውስጥ እስከ ዙሪያ ከተሞች

ይህን ንባብ ዛሬ አስቸኳይ የሚያደርገው ግብረ ገብ በትምህርት ቤት የተያዘበት መንገድ ነው። ከ1986 ዓ.ም. የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲ በኋላ የመጣው የሥነ ዜጋና ሥነ ምግባር ትምህርት 11 እሴቶችን ይዞ ነበር፤ የሕግ የበላይነት፣ እኩልነት፣ ፍትሕ፣ ታታሪነት፣ ቁጠባና የመሳሰሉትን። እነዚያው ምዕራፎች በሁለተኛ ደረጃ ከክፍል ክፍል ይደጋገሙ ነበር። እሴቶቹ መልካም ናቸው። ነገር ግን ተማሪው ስለ ቁጠባ ትርጉሙን፣ ጥቅሙንና ዓይነቱን በቃሉ ይዞ ፈተና ያልፍ ነበር፤ በሕይወቱ የሚፈተንበትን ነገር ግን አንድ ጊዜ እንኳ ተጉዞበት አያውቅም ነበር። ካህኑ ቃሉን ሳይናገር ያስተማረውን፣ የመማሪያ መጽሐፉ ቃሉን እየደጋገመ ሳያስተምረው ቀረ። በኋላ በተደረገው የሥርዓተ ትምህርት ለውጥ የግብረ ገብ ትምህርት በስሙ ተመልሶ መምጣቱ ደስ ያሰኛል፤ ዘዴው ካልተለወጠ ግን ስሙ ብቻውን የትም አያደርስም።

በሰበታ፣ በቡራዩና በሱሉልታ ይህ ጉድለት ከሌላው ቦታ ይልቅ ጎልቶ ይታያል። ዛሬ በሸገር ከተማ ሥር ያሉት እነዚህ ከተሞች ከአዲስ አበባ ጋር ተያይዘው እጅግ በፍጥነት ያደጉ ናቸው። ሰበታ የፋብሪካ ከተማ ናት፤ ወደ ጅቡቲ የሚሄደው አዲሱ የባቡር መስመርም መነሻው እዚያ ነው። የእርሻና የግጦሽ መሬት መንደር ሆኗል፤ ነባሩ ገበሬ፣ ከየክልሉ የመጣው ሠራተኛ፣ ከመሀል ከተማ የወጣው ቤተሰብ በአንድ አጥር ይዋሰናሉ። የሚለያዩት በቋንቋ፣ በሃይማኖትና በትዝታ ነው። የቡራዩ ነዋሪ በ2011 ዓ.ም. መጀመሪያ በከተማው በደረሰው ግጭት ጉርብትና ሲፈርስ ምን እንደሚመጣ በዓይኑ አይቷል። እንዲህ ባለ ቦታ «ባልንጀራዬ ማነው?» የሚለው ጥያቄ የመጽሐፍ ጥያቄ ብቻ አይሆንም።

በእነዚህ ከተሞች ደግሞ ያልተጻፈ ትልቅ ግብረ ገብ አለ። በኦሮሞ ባህል ሰፉ የሚባለው ሥርዓት በታላቅና በታናሽ፣ በሰውና በሰው፣ በሰውና በፍጥረት መካከል ሊጠበቅ የሚገባውን ወሰንና አክብሮት ይደነግጋል። ገመቹ መገርሳና ወርቅነህ ቀልቤሳን የመሳሰሉ ምሁራን በጥናት አቅርበውታል። ሰፉ ጥፋትን የሚያየው ሥርዓትን እንደማፍረስ ነው፤ ወልደ ሕይወት ደግሞ በፈጣሪ የተሰጠን አእምሮ እንደመካድ ያየዋል። አንዱ ከማኅበር ይነሳል፣ ሌላው ከአእምሮ፤ ሁለቱም ጎረቤትን በመጠበቅ ላይ ይገናኛሉ። ሆኖም በመደርደሪያችን ላይ ተለያይተው ተቀምጠዋል፤ ሐተታው ለግዕዝ ሊቃውንት፣ ሰፉ ለአንትሮፖሎጂ ተመራማሪዎች ተትተዋል። አብሮ ለሚኖር ሕዝብ ሁለቱ አብረው ሊነበቡ ይገባል።

ስለዚህ ፍርዴ ይህ ነው። ወልደ ሕይወት የዘርዓ ያዕቆብ ጥላ አይደለም፤ በተረቱ አሠራር ከመምህሩም ከሌሎቹ የምክር ጸሐፊዎችም የበለጠ፣ በትዳር ፍትሕ ግን ከመምህሩ ያነሰ፣ ራሱን የቻለ የግብረ ገብ ደራሲ ነው። ዘርዓ ያዕቆብን ለማድነቅ የሚፈሰው ቀለም ሲሶው እንኳ ለእሱ ቢውል አገር ይጠቀማል። መምህራንና የሥርዓተ ትምህርት አዘጋጆች ሆይ፣ ሐተታውን ለክፍል ንባብ በሚሆን መልኩ በአማርኛም በአፋን ኦሮሞም አዘጋጁት፤ ከሰፉ ጥናቶች ጋር ጎን ለጎን አስነብቡት፤ የአንበሳው ተረት ላይ ስትደርሱም «ባልየውስ ምን ይማር?» ብላችሁ ተማሪዎቹን ጠይቁ።